የዕለት መኪናችሁ የኋላ ዲፈረንሻል ስንት ቢሆን ይሻላል?

(የመግቢያ ሙዚቃ ከፍ ብሎ ዝቅ ይላል)

የዛሬው ርእሳችን መኪናው ሥር ተደብቆ የሚኖር፣ እስኪጮህ ድረስ ብዙ ሰው የማያስታውሰው የኋላ ዲፈረንሻል ነው፤ በተለይም የጥርሶቹ ሬሾ። ትልቅ ጎማ ገጥማችሁ ዳገት ላይ መኪናው የደከመባችሁ፣ ፒክአፕ ለመግዛት የምታማርጡ፣ ወይም ሶማሌ ተራ ሄዳችሁ «ይሄኛው ይገጥማል» የተባላችሁትን ዲፈረንሻል ገንዘብ ከመቁጠራችሁ በፊት መመርመር የምትፈልጉ ሁሉ ዝግጅቱ ለእናንተ ነው። ጥቂት ስሌት ስላለበት ወረቀትና እስክሪብቶ ብታቀርቡ ይጠቅማችኋል። እየነዳችሁ የምታዳምጡ ግን መንገዳችሁን ተመልከቱ፤ ዋና ዋናዎቹን ቁጥሮች ደጋግሜ እጠራቸዋለሁ።

አንድ ነገር አስቀድሜ ልለይ። እንደ ቪትዝና ያሪስ ያሉት በፊት ጎማቸው የሚሳቡ መኪኖች ለብቻው የተቀመጠ የኋላ ዲፈረንሻል የላቸውም። የእነሱ ዲፈረንሻል ካምቢዮው ውስጥ ስለሆነ የዛሬው ጉዳይ ብዙም አይመለከታቸውም። የምንነጋገረው ከኋላ ስለሚገፉት ነው፤ ስለ ፒክአፑ፣ ስለ ላንድክሩዘሩ፣ ስለ ሚኒባስ ታክሲው። ከ2016 ዓ.ም ወዲህ በነዳጅ የሚሠሩ የቤት መኪኖች ወደ አገራችን እንዳይገቡ በመከልከሉ፣ በእጃችን ያሉት የናፍጣና የቤንዚን መኪኖች ገና ብዙ ዓመት እየተጠገኑ ይሄዳሉ። ስለዚህ አሠራራቸውን ማወቅ ዛሬም ያዋጣል።

ከካምቢዮው ተነሥቶ በመኪናው ሆድ ሥር ወደ ኋላ የሚሄደው ረጅም ዘንግ የሚያዞረው ትንሽ ጥርስ አለ፤ ፒኞን ይባላል። ፒኞኑ ደግሞ አንድ ትልቅ ክብ ጥርስ ያዞራል፤ እሱ ኮሮና ነው። ኮሮናው 41 ጥርስ፣ ፒኞኑ 10 ጥርስ ቢኖራቸው፣ 41 ለ10 ሲካፈል 4.10 ይመጣል፤ ሬሾ የምንለው ይህን ነው። ጎማው አንድ ጊዜ እስኪዞር ዘንጉ አራት ዙር ከአንድ አሥረኛ ይዞራል ማለት ነው። ፒኞኑ 9 ጥርስ ቢሆን 41 ለ9፣ ማለትም 4.56 አካባቢ ይሆናል። 39 ለ8 ከሆነ 4.875። ፋብሪካዎቹ ደልዳላውን 40 ለ10 ትተው እንዲህ ያለ ጎደሎ ቁጥር የሚመርጡት ያለ ምክንያት አይደለም። 40 ለ10 ቢሆን የፒኞኑ አንድ ጥርስ ሁልጊዜ ከእነዚያው አራት የኮሮና ጥርሶች ጋር ብቻ ይገናኛል፤ አንዱ ጥርስ ጉድለት ካለበት እነዚያኑ ይበላል። በ41 ለ10 ግን እያንዳንዱ ጥርስ ተራ በተራ ሁሉንም ስለሚያገኝ መበላቱ እኩል ይሆናል።

ማርሽ ያለው ብስክሌት የነዳችሁ ሰዎች ነገሩ በእግራችሁ ገብቷችኋል። በቀላሉ ማርሽ ዳገቱን ትወጣላችሁ፣ እግራችሁ ግን ቶሎ ቶሎ ይሽከረከራል፤ በከባዱ ማርሽ ሜዳው ላይ ትበራላችሁ፣ ዳገቱ ሲመጣ ጉልበታችሁ ይከዳችኋል። ዲፈረንሻልም ቁጥሩ ከፍ ሲል ጉልበት ይጨምራል፣ ዝቅ ሲል ፍጥነት። ከዚህ በኋላ ከፍ ያለውን ጉልበታም፣ ዝቅ ያለውን ፈጣን እያልኩ እቀጥላለሁ።

(አጭር ሙዚቃ)

አብዛኛው ሰው ወደ ዲፈረንሻል ሐሳብ የሚመጣው በጎማ በኩል ነው። መኪናው ከመሬት ከፍ እንዲል፣ ለገጠር መንገድ እንዲመች፣ ወይም ግርማ ሞገስ እንዲኖረው ተብሎ ትልቅ ጎማ ይገጠማል። ከዚያ «ሞተሩ ደከመ»፣ «ፓምፑ ይታይልኝ» ይባላል። ሞተሩም ፓምፑም ጤነኛ ሊሆኑ ይችላሉ። የተቀየረው የጎማው ቁመት ነው፤ የጎማው ቁመት ሲቀየር ዲፈረንሻሉ ሳይነካም ቢሆን የተቀየረ ያህል ነው።

በስሌት እንየው። አንድ የናፍጣ ደብል ጋቢና እንውሰድ፤ ዲፈረንሻሉ 4.10፣ ጎማው 225 በ70፣ ቸርኬው 15። 225 የጎማው ስፋት በሚሊ ሜትር ነው። 70 ደግሞ የጎኑ ቁመት ከስፋቱ 70 በመቶ መሆኑን ይናገራል፤ ስለዚህ ጎኑ 157 ተኩል ሚሊ ሜትር ነው። ከላይም ከታችም ስላለ 315 ይሆናል። ቸርኬው 15 ኢንች ነው፤ በ25.4 ሲባዛ 381። ድምሩ 696 ሚሊ ሜትር። የድሮው ጎማ ቁመት ይህ ነው፤ 696።

አሁን ባለቤቱ 265 በ70 ባለ 16 ገጠመ እንበል። በዚያው መንገድ ስናሰላው 777 ሚሊ ሜትር ይወጣል። ለአዲሱ ጎማ የሚስማማውን ሬሾ ለማግኘት አዲሱን ቁመት ለአሮጌው ማካፈልና በነባሩ ሬሾ ማባዛት ነው። 777 ለ696 ሲካፈል 1.116፤ በ4.10 ሲባዛ 4.58። ለዚህ የሚቀርበው 41 ለ9ኙ፣ 4.56ቱ ነው። እሱን ቢገጥም መኪናው ፋብሪካው ወደሰጠው ጠባይ ይመለሳል። ሳይገጥም ከቀረ ግን 4.10 የነበረው ዲፈረንሻል 3.67 እንደሆነ ያህል ይሠራል። የፍጥነት መቁጠሪያውም ይዋሻል፤ 80 እያሳየ በእውነት የሚሄደው ከ89 በላይ ነው።

«ታዲያ ፈጣን ዲፈረንሻል ነዳጅ ይቆጥባል፤ ምን ጎዳኝ?» የሚል አድማጭ ይኖራል። ሰፊ ጊዜ ልሰጠው የምፈልገው ይህን ነው፤ ብዙ ሰው የሚሳሳተው እዚህ ላይ ስለሆነ። ሜዳ ላይ፣ ባዶ መኪና፣ እኩል ፍጥነት ይዞ ለሚሄድ ሰው አባባሉ እውነት ነው፤ ሞተሩ በዝቅተኛ ዙር ይሠራል፣ ነዳጁም ይቀንሳል። የእኛ ደጋ ግን ሌላ ነው። አዲስ አበባ ወደ 2,400 ሜትር ከፍታ ላይ ናት። እዚህ ከፍታ ላይ አየሩ ከባሕር ጠረፍ ሲነጻጸር አንድ አምስተኛ ያህል ይሳሳል። ቱርቦ የሌለው ሞተር የሚስበው አየር በዚያው ልክ ስለሚያንስ፣ የሚሰጠው ጉልበትም በዚያው ልክ ያንሳል። ደብረ ብርሃን ወይም ጣርማ በር ላይ ደግሞ ይብሳል።

የኛን ፒክአፕ ከአዳማ ወደ አዲስ አበባ እንመልሰው። በፈጣኑ መንገድ በ80 ኪሎ ሜትር ፍጥነት እየመጣ ነው፤ መንገዱ ሳይታወቅ እየወጣ ይሄዳል፣ ከኋላ ጭነት አለ። አምስተኛው ማርሽ 0.85 ነው እንበል፤ በብዙ ፒክአፖች ከዚህ አይርቅም። በትልቁ ጎማና በ4.10 ዲፈረንሻል፣ በአምስተኛ ማርሽ ሞተሩ የሚዞረው በደቂቃ ወደ 1,900 ነው። ቱርቦ ለሌለው ናፍጣ ሞተር፣ ጭነት ይዞ ደጋ ላይ ሲወጣ ይህ ዙር አይበቃውም። ነጂው ነዳጁን እስከ ወለሉ ይረግጣል፤ ከኋላ ጥቁር ጭስ ይወጣል፤ ፍጥነቱ ግን ይወርዳል። ስለዚህ አራተኛ ያስገባል። በአራተኛ ማርሽ ሞተሩ ወደ 2,240 ይወጣል። በ4.56 ዲፈረንሻል ቢሆን ኖሮስ? በአምስተኛ እንደሆነ፣ ማርሽ ሳይቀይር፣ በ2,115 ዙር ይወጣው ነበር።

ቁጥሮቹን ልድገማቸው። ፈጣኑ ዲፈረንሻል በአራተኛ ማርሽ 2,240፤ ጉልበታሙ ዲፈረንሻል በአምስተኛ 2,115። ዙር ይቀንሳል የተባለው ዲፈረንሻል ሞተሩን የበለጠ አሽከረከረው፤ ምክንያቱም አምስተኛው ማርሽ የማይገባ ማርሽ ሆኖ ቀርቷል። አድማጮቼ፣ ሬሾ ስትመርጡ ይህን መዝኑ፦ በየቀኑ በምትሄዱበት መንገድ ላይ የመጨረሻው ማርሽ ገብቶ ይቆያል ወይስ አይቆይም? የማይቆይ ከሆነ ዲፈረንሻሉ ለእናንተ ፈጥኗል።

ሞተሩን በዝቅተኛ ዙር አፍኖ መንዳት ደግሞ ከነዳጅም በላይ ጉዳት አለው። ዙሩ ዝቅ ብሎ ነዳጁ ሲበዛ ሲሊንደሩ ውስጥ ያለው ግፊት ይበረታል፤ ሸክሙ በብሮንዚኖቹ ላይ ይወድቃል፣ ሙቀቱ ይጨምራል። ከቆመበት ሲነሣም ፍሪሲዮኑ ረዘም ላለ ጊዜ እየተንሸራተተ መኪናውን መግፋት ስላለበት ቶሎ ይበላል። እንጦጦ ዳገት ላይ ትራፊክ ይዟችሁ ቆማችሁ ስትነሡ የፍሪሲዮን ሽታ የሚመጣው አንዳንዴ ከዚህ ነው።

(አጭር ሙዚቃ)

ስለ ዳገት ስናወራ ቁልቁለቱ ይረሳል፤ ለእኔ ግን ከዳገቱ የበለጠ የሚያሳስበኝ እሱ ነው። ከጎሐ ጽዮን ወደ አባይ በረሃ የሚወርደውን መንገድ የሚያውቅ ሰው ይረዳኛል። ድልድዩ ድረስ ከአንድ ኪሎ ሜትር በላይ ቀጥታ ከፍታ ነው የሚወረደው። እዚያ መንገድ ላይ መኪናውን መያዝ ያለበት ማርሹ ነው፤ ፍሬን ብቻ ይዞ የሚወርድ ሰው ፍሬኑን አግሎ ያጣዋል። ሁለተኛ ማርሽ ውስጥ ሆነን በ40 ኪሎ ሜትር ስንወርድ፣ በድሮው ጎማ ሞተሩ ወደ 2,900 ዙር ሆኖ ይይዘን ነበር። ትልቁን ጎማ ገጥመን ዲፈረንሻሉን ከተውነው 2,600 ብቻ ይሆናል። ሞተሩ የሚይዝበት ኃይል ቀነሰ፤ ቀሪውን ፍሬኑ ይሸከማል ማለት ነው።

እዚህ ላይ ግልጽ መሆን ያለበት ነገር አለ። ዲፈረንሻሉን ወደ 4.56 መቀየር የሞተሩን መያዝ ይመልሳል፤ የፍሬኑን ግን አይመልስም። ረጅም ጎማን ለማቆም ፍሬኑ ከቀድሞው የበለጠ መታገል አለበት፤ በኛ ምሳሌ 12 በመቶ ያህል። ስለዚህ ሸክም ይዞ በየሳምንቱ አባይን የሚሻገር ወይም ከጣርማ በር ወደ ደብረ ሲና የሚወርድ ሰው ትልቅ ጎማ ባይገጥም እመርጣለሁ። ነባሩን ጎማ መመለስ ከሁሉም ርካሹና ደኅናው መፍትሔ ነው፤ ዲፈረንሻል መፍታትም አያስፈልገውም።

ገና መኪና የምትገዙ ከሆነ ወይም ጎማው የግድ ትልቅ መሆን ካለበት ግን ምርጫው ይመጣል። በደጋ ለሚኖር፣ ቱርቦ ለሌለው ሞተር፣ ስሌቱ በሁለት ሬሾዎች መካከል ላይ ቢያርፍ ወደ ጉልበታሙ አዘንብሉ። በየቀኑ እህል ወይም ሲሚንቶ ከገጠር መንገድ ለሚያወጣ 4.875 ሊያስኬደው ይችላል፤ ዋጋውን ግን በአስፋልት ላይ ይከፍላል። በትልቁ ጎማ እንኳ በ100 ኪሎ ሜትር ፍጥነት ሞተሩ ከ2,800 በላይ ይዞራል፤ ረጅም መንገድ ላይ ጩኸቱም ነዳጁም ይሰለቻል። ውሎው አዋሽና መተሐራ ሜዳ ላይ ለሆነ፣ ሞተሩም ቱርቦ ላለው ሰው ፈጣኑ ይስማማዋል። ቱርቦ አየሩን ጨምቆ ስለሚያስገባ ከፍታው ያን ያህል አይጎዳውም።

በዓመት ሁለት ጊዜ ለሚገጥም ጭቃ ብሎ ዲፈረንሻል መቀየር ግን አያስፈልግም። ባለ ሁለት ዲፈረንሻል መኪኖች ለዚያ የሚሆን ዝቅተኛ ማርሽ አላቸው፤ በብዙ ፒክአፖች ላይ ጉልበቱን ከሁለት እጥፍ ተኩል በላይ ያደርገዋል። እሱን አስገብቶ ማለፍ ነው።

አሜሪካ ያላችሁ አድማጮቻችን ጉዳዩን ከሌላ በኩል ታዩታላችሁ። እዚያ አዲስ ፒክአፕ ሲታዘዝ ሬሾው እንደ ቀለሙ ይመረጣል፤ ለፎርድ ኤፍ 150፣ ለምሳሌ፣ ከ3.15 እስከ 3.73 ያሉ አማራጮች ሲቀርቡ ቆይተዋል። ቁጥሮቹ ከኛ ዝቅ ያሉት ሞተሮቹ ትልልቅ ስለሆኑ ነው። አውቶማቲክ ካምቢዮዎቹም 10 ማርሽ ድረስ ደርሰዋል፤ የፎርዱ አንደኛ ማርሽ 4.69፣ አሥረኛው 0.64 አካባቢ ነው። ማርሽ ሲበዛ መነሻውም መንገዱም የየራሱ ማርሽ ስለሚያገኝ ዲፈረንሻሉ ላይ የሚወድቀው ሸክም ይቀላል። ቢሆንም ዴንቨር የምትኖሩ፣ ተጎታች እየጎተታችሁ ወደ አይዘንሃወር ዋሻ የምትወጡ፣ 3,400 ሜትር ድረስ ነው የምትሄዱትና 3.73ቱን ማዘዝ አይቆጫችሁም።

(አጭር ሙዚቃ)

አሁን ያለው ዲፈረንሻል ስንት እንደሆነ እንዴት ይታወቃል? በብዙ መኪኖች ላይ ሞተር ክፍሉ ውስጥ ወይም በር ላይ ባለው ሳህን ላይ የአክስሉ ኮድ ተጽፏል። ሳህኑ ከሌለ ወይም ዲፈረንሻሉ ከዚህ በፊት ተቀይሮ ከሆነ መቁጠር ነው። መኪናው ደልዳላ መሬት ላይ ይቁም፤ የፊት ጎማዎቹ በታኮ ይያዙ። አንዱን የኋላ ጎማ ብቻ በክሪክ አንሡና ማስደገፊያ አስገቡ። ካምቢዮውን ፎሌ አድርጉ፣ የእጅ ፍሬኑን ልቀቁ። ዘንጉ ላይ በጠመኔ ምልክት አድርጋችሁ የተነሣውን ጎማ 20 ዙር አዙሩት፤ ሌላ ሰው የዘንጉን ዙር ይቁጠር። 41 ከሆነ ዲፈረንሻላችሁ 4.10 ነው፤ 45 ተኩል ከሆነ 4.56። ጎማውን 20 ያዞርነው አንዱ ጎማ ቆሞ ሌላው ሁለት ሲዞር ኮሮናው አንድ ብቻ ስለሚዞር ነው። ማንም ሰው መኪናው ሥር አይግባ፤ ዘንጉን ከጎን ሆኖ መመልከት ይቻላል።

ባለ ሁለት ዲፈረንሻል ከሆነ የፊቱም ይቆጠር። የፊቱና የኋላው እኩል መሆን አለባቸው፤ ይህ የሚታለፍ ነገር አይደለም። የኋላው ብቻ ወደ 4.56 ተቀይሮ የፊቱ በ4.10 ከቀረ፣ አራቱም ጎማ ሲያስገቡ የፊቱና የኋላው በተለያየ ፍጥነት ለመዞር ይታገላሉ፤ አስፋልት ላይ ከሆነ ጥርስ ወይም ዘንግ ይሰበራል። ያገለገለ መኪና ስትገዙም ይህን መቁጠር ልመዱ። ለመቀየር ስታስቡም ወጪው የሁለት ዲፈረንሻል መሆኑን ከወዲሁ አስሉት።

ዕቃው ሲገዛ ኮሮናና ፒኞን የተጣመሩ መሆናቸውን አረጋግጡ። ፋብሪካው ሁለቱን አጋጥሞ ነው የሚያወጣቸው፤ ብዙ ጊዜም ሁለቱ ላይ አንድ ዓይነት የጥንድ ቁጥር ይመታባቸዋል። የአንዱን ኮሮና ከሌላው ፒኞን ጋር ማገናኘት፣ የጥርሱ ብዛት ቢገጥም እንኳ፣ በአጭር ጊዜ ጩኸትና ስብራት ያመጣል። በብዙ የቶዮታ ፒክአፖች ላይ የኋላ ዲፈረንሻሉ ከነቤቱ በአንድ ላይ ከፊት በኩል ስለሚወጣ፣ ከሌላ መኪና የወጣ ሙሉና ጤነኛ ካገኛችሁ እሱን መግጠም ጥርስ ለብቻ ገዝቶ ከመግጠም ይቀላል።

ጥርሱ ለብቻ ከተገዛ ግን ሥራው የባለሙያ ነው። በኮሮናውና በፒኞኑ መካከል የሚተወው ክፍተት በብዙ ፒክአፖች ከ0.13 እስከ 0.20 ሚሊ ሜትር ነው፤ በእጅ እየነቀነቁ የሚገመት አይደለም፣ በመለኪያ ነው። ፒኞኑ የገባበት ጥልቀትና የኩሽኔታው አጠባበቅም እንዲሁ። ጥርሱ ላይ ቀለም ተቀብቶ፣ ተዙሮ፣ ንክኪው ጥርሱ መካከል ላይ ማረፉ ይታያል። መካኒኩን «መለኪያ አለህ ወይ? ቀለሙን አሳየኝ» ብላችሁ ብትጠይቁ ነውር የለውም፤ ሥራውን የሚያውቅ ሰው በደስታ ያሳያችኋል።

ከተገጠመ በኋላ ለመጀመሪያዎቹ ቀናት ጭነት አይጫን፣ ዳገት አይፈለግ። መጀመሪያ ወደ 20 ኪሎ ሜትር ያህል በቀስታ ሄዳችሁ ዲፈረንሻሉ በደንብ እስኪቀዘቅዝ አቁሙት፤ አዲስ ጥርስ ሲጋጋል ብረቱ ይለሰልሳል። ወደ 800 ኪሎ ሜትር ሲሞላ ዘይቱ ይቀየር፤ የሚሞላው የመኪናው መመሪያ የሚያዘው ዓይነት ነው፣ ብዙውን ጊዜ ጂ ኤል 5 የተጻፈበት። ዘይቱ ሲወጣ በማፍሰሻው ማግኔት ላይ እንደ ዱቄት የላመ ብረት መታየቱ ያለ ነው። የጥርስ ስባሪ ከታየ፣ ወይም ነዳጅ ስትረግጡ አለዚያም እግራችሁን ስታነሡ የሚሰማ ጩኸት ካለ፣ መኪናውን አትንዱት፤ ወዲያው ወደ ገጠመው ጋራዥ መልሱት።



(የመዝጊያ ሙዚቃ)